ስም ሳይወጣላቸው የተቆጠሩ

የሥራዬ የመጀመሪያ ቀን ያለፈው እርሳስ ስቀርጽ ነው። አሶሳ፣ ከቅርንጫፍ መሥሪያ ቤታችን ግቢ ማንጎ ሥር ተደርድረን ተቀመጥንና የሕዝብ ቆጠራው እርሳስ በካርቶን ቀረበልን። አስተባባሪያችን አቶ ገረመው ከደብረ ማርቆስ ተመድበው የመጡ፣ በአሶሳ ሙቀት ኮታቸውን የማያወልቁ ሰው ነበሩ። ከኋላችን እየዞሩ የእርሳሱን ጫፍ በአውራ ጣታቸው ይሞክራሉ። የእኔን ሞክረው «በጣም ሾሏል፤ ወረቀት ይበሳል» አሉኝ። መልሼ አደነዝኩት።

ከሰዓት በኋላ ዕቃ ተረከብን። የጨርቅ ቦርሳ፣ መደገፊያ ሰሌዳ፣ የቆጠራ ቦታው ካርታ፣ በር ላይ ቁጥር የምንጽፍበት ጠመኔ፣ አንድ አንድ ላጲስ። ላጲሱን ሲያድሉን አቶ ገረመው «ይህን ሳይነካ የሚመልስልኝ ቆጣሪ ጎበዝ ነው» አሉ። ጎበዝ መባል እወድ ነበር። ላጲሴን ከቦርሳው የታችኛው ኪስ ከተትኩትና ረሳሁት።

የሥራው ደረጃ ቀላል ነው። ቆጣሪ ቤት ለቤት ይሄዳል፤ ተቆጣጣሪ የአምስት ቆጣሪዎችን ሥራ ያያል፤ አስተባባሪ የታሸገው ሳጥን ላይ ይፈርማል። ከዚያ በላይ ያለው አዲስ አበባ ነው። አዲስ አበባን የሚጠይቅ የለም።

ሰው የነገረንን ለሌላ ላናወራም ፈርመናል። ሠላሳ ዓመት ጠብቄዋለሁ። ከዚህ በታች የሀዋን ቤት የማነሳው ራሷ «ንገር» ስላለችኝ ነው። የእናቴን የማነሳው ደግሞ እናቴ ስለሆነች ነው።

እኔ የወሎ ሰፋሪ ልጅ ነኝ። በድርቁ ዘመን በካሚዮን ተጭነን መጥተን አሶሳ ዙሪያ ስንሰፍር አሥራ አራት ዓመቴ ነበር። መንደሮቻችን ስም አልነበራቸውም፤ አምባ ይባሉና ቁጥር ይከተላቸዋል። የት ነሽ ሲሉኝ ቁጥር ነበር የምናገረው። ስለዚህ ቆጣሪ ስሆን ዘመዶቼ «የቁጥር ልጅ ቁጥር አገኘች» ብለው ሳቁብኝ።

የመጀመሪያው የቆጠራ ቦታዬ ከሸርቆሌ መንገድ በእግር ግማሽ ቀን ገባ ብሎ ያለ የበርታ መንደር ነበር። አስተርጓሚ ሆኖ የተሰጠኝ መምህር ኢድሪስ ነው። የመንደሩ ተወላጅ፣ የመንደሩ ትምህርት ቤት አስተማሪ፣ አማርኛውን ቃል ሳይውጥ የሚናገር ረጋ ያለ ሰው። የደረሰኝ ረጅሙ ቅጽ ነው። ረጅሙ ቅጽ ሴቶችን ስለ ወሊድ ይጠይቃል፤ በሕይወት የተወለዱ ስንት፣ ከእነሱ የሞተ አለ ወይ፣ ካለ ስሙ ማን፣ በስንት ዕድሜው።

ሰባተኛው ቤት የሀዋ ነበር። ጠመኔው የቀርከሃው በር ላይ አልይዝ ብሎኝ ቁጥሩን ሁለቴ ደገምኩት። ሀዋ ደጃፏ ላይ ተቀምጣ ባሚያ ትከትፋለች። እርጉዝ ናት፤ ወሯ ገብቷል። እንግዳ ሲመጣ መነሳት ስላልቻለች በእጇ ምንጣፉን መታ መታ አደረገችልኝ።

ዕድሜዋን አታውቅም። ለዚህ ነገር ዘዴ ነበረን፤ በአካባቢው ሰው ሁሉ የሚያስታውሳቸው ክስተቶች በተርታ የተጻፉበት ወረቀት። እሱን እየተከተሉ «ይህ ሲሆን አግብተሽ ነበር? ወልደሽ ነበር?» እያሉ ዕድሜ ይገምታሉ። ከመስመሮቹ አንዱ «ሰፋሪዎቹ ሲመጡ» ይላል። ኢድሪስ ጠየቃት።

«ካሚዮኖቹን መንገድ ዳር ወጥተን አየናቸው ትላለች» አለኝ። «የመጀመሪያ ልጇ አሚና ያን ጊዜ ጡት ትጠባ ነበር።»

ከካሚዮኖቹ በአንዱ ላይ እኔ ነበርኩ። በጨርቃችን ላይ ቁጭ ብዬ፣ በዚህ አገር የሚያውቀኝ የለም እያልኩ። ሰው አይቶን ኖሯል። አይቶንም ዕድሜውን የሚቆጥርብን ሆነናል። ነገሩ ገርሞኝ እርሳሴን እንደያዝኩ ቆየሁ።

«በሕይወት የወለድሻቸው ልጆች ስንት ናቸው?»

ሀዋ ሦስት አለች። አሚና ያኔ አሥር ዓመት ገደማዋ ነው፤ ታናናሾቿን ይዛ በሩ ሥር ቆማ ታየኛለች።

«የሞተ አለ?»

የለም አለች። ዜሮ ጻፍኩ።

መንደሩን በስምንት ቀን ጨረስኩ። በኩፍኝና በወባ የሞቱ ልጆች መዝግቤያለሁ፤ ቆመው የሄዱ፣ አፍ የፈቱ ልጆች። ከተወለደ በኋላ ሳምንት ሳይሞላው የሞተ ግን በመንደሩ አንድም አልነበረም። ዜሮ፣ ዜሮ፣ ዜሮ። ያን ጊዜ እንዲህ ያለው መንደር በምድር ላይ እንደሌለ አላውቅም ነበር። ላጲሴ አዲስ እንደነበረ ነው።

አንድ ቤት ብቻ ችግር ገጠመኝ። ፍየል የመጠይቁን ሁለተኛ ገጽ በላችብኝና ያንን ቤት ለመድገም ተመለስኩ። ለአቶ ገረመው ስነግራቸው ሳይስቁ «እሷንም ከቤተሰቡ ጋር መመዝገብ ነበረብሽ» አሉ። ከዚያ መጠይቆቼን አገላብጠው አንዱን ከፍ አድርገው ለሌሎቹ ቆጣሪዎች አሳዩ። «ሥራ ማለት ይህ ነው። ላጲስ ያልነካው።» ሳጥኑ በፕላስተር ታሸገ፤ ፈረሙበት፤ ሰኞ ለሚሄደው መኪና ጥግ ተቀመጠ። ያን ቀን ከእኔ በላይ የተደሰተ ሰው አሶሳ ውስጥ አልነበረም።

ቀጥሎ የደረሰኝ የገዛ አምባዬ ነበር። ዛሬ የራስን ቤተሰብ መቁጠር አይፈቀድም፤ ያኔ ግን ማንበብና መጻፍ የሚችል ሰው ብርቅ ስለነበር ማንም አልከለከለኝም። እናቴ ቤት ስደርስ በቆሎ ትፈለፍላለች።

«አንቺ ነሽ እኔን የምትቆጥሪኝ?» አለችኝ።

«መንግሥት ነው የላከኝ፣ እማዬ።»

«መንግሥት አምስት መሆናችሁን አጥቶት ነው?»

እንደማንኛውም ሰው በሥርዓት ጠየቅኳት። በሕይወት የተወለዱ፤ አምስት። የሞተ አለ፤ «የለም፣ ተመስገን።» ዜሮዬን ክብ አድርጌ ጻፍኩና ጫፉን ገጠምኩ። ያን ጊዜ የሸራው ሽታ መጣብኝ።

በመጣንበት ክረምት ቤት ሳይሠራልን ሸራ ውስጥ ነበርን። እናቴ እዚያ ሸራ ውስጥ ሴት ልጅ ወለደች። ልጅቷ አሥራ አንድ ቀን ኖረች። አባቴ በነጠላ ጠቅልሎ ይዟት ሲወጣ ዶማውን ተሸክሜ የተከተልኩት እኔ ነኝ። ይህን አውቃለሁ። አልረሳሁትም። ሆኖም ዕድሜዬን ሙሉ ስንት ናችሁ ስባል አምስት እላለሁ፤ አሁንም በገዛ እጄ ዜሮ ጻፍኩ።

«እማዬ፣ ያቺ በሸራው ውስጥ የሞተችውስ?»

የበቆሎውን ራስ ጭኗ ላይ አሳረፈችው። «እሷማ ክርስትና አልተነሳችም። ሰማንያ ቀኗ መቼ ደረሰ?» አለች። ቀጥላም «እሷም ትጻፋለች እንዴ?» ብላ ጠየቀችኝ።

«ትጻፋለች።»

ላጲሱን ከቦርሳው ታች ፈልጌ አወጣሁ። ዜሮውን አጥፍቼ አንድ ጻፍኩ። የሞተችበት ዕድሜ፣ አሥራ አንድ ቀን። ስም በሚለው ቦታ ላይ ቆምኩ። መመሪያው ስም ላልወጣለት «ሕፃን» ተብሎ ይጻፋል ይላል። እህቴን «ሕፃን» ብዬ ጻፍኳት። እናቴ ማንበብ ባትችልም እርሳሱ ከወረቀቱ እስኪነሳ ዓይኗን አልነቀለችም።

ከዚያ በኋላ ስለ ሀዋ ማሰብ ጀመርኩ። ስለ ሀዋና ጥግ ስለተቀመጠው ሳጥን።

ቅዳሜ ጠዋት አሶሳ ገብቼ አቶ ገረመው ቢሮ በር ላይ ቆምኩ። ኮንትራቴ የሦስት ወር ነው፤ በአንድ ፊርማ ይቀደዳል። የማሳድጋቸው ሁለት ታናናሾች ነበሩኝ። ፈርቼ ነበር፤ ፍርሃቴን አልደብቅም።

«የበርታው መንደር ሥራዬ ስህተት ነው» አልኳቸው።

«የትኛው ገጽ?»

«ሁሉም ገጽ።»

መነጽራቸውን አወለቁ። «የታሸገ ሳጥን የሚከፈተው አዲስ አበባ ነው፣ ዘነቡ። አንቺም እኔም አንከፍተውም።»

የእናቴን ነገር ነገርኳቸው። በሸራው ውስጥ የሞተችውን፣ ሰማንያ ቀኗን ያልደረሰችውን፣ እኔ ዶማ ተሸክሜ ስትቀበር ያየኋትን፣ ከዚያም የጻፍኩትን ዜሮ። «እኔ እህቴን ካልቆጠርኩ ያቺ ሴት ለማታውቀው ቆጣሪ ለምን ትናገራለች?» አልኳቸው።

ደጅ ሾፌሩ የመኪናውን ጎማ እያስነፋ ነበር። አቶ ገረመው በመስኮቱ ሲያዩት ቆዩና «እናቴም የቀበረችውን ሳትጨምር ስምንት ወለድኩ ነው የምትለው» አሉ። ከመሳቢያቸው ምላጭ አውጥተው ተነሱ፤ የራሳቸው ፊርማ ያለበትን ፕላስተር ከጫፍ እስከ ጫፍ ቀደዱት።

«ሁለት ቀን» አሉኝ። «መኪናውን አዘገየዋለሁ። በዚያው ዜሮ ብትመለሺ ግን ሁለታችንም ወደ አገራችን እንገባለን።»

መምህር ኢድሪስን ትምህርት ቤቱ ግቢ አገኘሁት። «በእናንተ ዘንድ ልጅ ስም የሚወጣለት መቼ ነው?» ብዬ ጠየቅኩት። ስምንት ቀን ሙሉ አብረን ስንሠራ ይህን አልጠየቅኩትም ነበር።

«በሰባተኛው ቀን። በግ ይታረዳል፣ ሼሁ ስም ያወጣሉ።»

«ከዚያ በፊት የሞተ?»

ኢድሪስ ጫማውን አየ። «እሱ እንግዳ ነበር ይባላል። ቤተሰቡ ይቀብረዋል፤ ሐዘን አይቀመጡለትም፤ ሴትዮዋም አታነሳውም። ልጅ ብለሽ ስትጠይቂ እኔም ልጅ ብዬ ተረጎምኩ። የጎደለ ነገር ያለ አልመሰለኝም።» ቀስ ብሎም «እኔም ቤት አንድ አለ» አለ።

ሀዋ እዚያው ምንጣፏ ላይ ነበረች፤ ሆዷ ወርዷል። ይህን ጊዜ ኢድሪስን ራቅ ብሎ እንዲቀመጥ ለመንኩት። የዕድር ጓደኛዋ ፋጡማ አስተረጎመችልን። ጥያቄውን እንደ ቅጹ አላነበብኩትም። ከስም ቀን በፊት መጥቶ የሄደ እንግዳ አለ ወይ አልኩ።

የባሚያው መክተፍ ቆመ። ሀዋ ፋጡማን ትታ በቀጥታ በአማርኛ አናገረችኝ። አማርኛ ትችል እንደነበር ያወቅኩት ያኔ ነው። ለሴትም ለወንድም አንተ ነው የምትለው።

«ለምን ትጠይቃለህ? የሄደ ሰው ነው።»

«ተወልደው ስለነበር» አልኳት። «እኔም እህት አለችኝ፤ አሥራ አንድ ቀን የኖረች። ጽፌያታለሁ።»

ቢላዋዋን ከባሚያው አጠገብ አስቀመጠች። ከዚያ ሦስት ጣቷን አነሳች። አንዱ ሦስት ቀን፣ አንዱ አንድ ሌሊት፣ አንዱ ስድስት ቀን። የስድስት ቀኑን ስትናገር «በጉ ታስሮ ነበር» አለች። እጇን ሆዷ ላይ አድርጋም «ይሄም ይቀመጣል፣ ይሄዳል፣ አላውቅም» አለችኝ። ድምጿ አልተለወጠም። ሦስት ጊዜ «ሕፃን» ብዬ ጻፍኩ።

በእነዚያ ሁለት ቀናት ከቤት ወደ ቤት ዜሮ ሳጠፋ ዋልኩ። አንዳንዷ ሳቀች፤ አንዷ ጥላኝ ጓዳ ገባችና ተመልሳ ወጥታ ነገረችኝ። ባሏን እንኳ «አልነገርኩትም» ያለችኝ ነበረች። ላጲሴ አልቆ የኢድሪስን ተማሪዎች ላጲስ ተዋስኩ። የመንደሩን ድምር አልናገርም፤ ያ የቆጠራው ነው። መጠይቆቹ ግን ጥቁር ብለው፣ አንዳንዱም ተፍቆ ተፍቆ ሳስቶ ነበር። አቶ ገረመው እያንዳንዱን ገጽ ወደ ብርሃን እያነሱ አዩት። ስለ ንጽሕና አንድም ነገር አላነሱም። ሳጥኑን በአዲስ ፕላስተር አሽገው ፈረሙ።

ከሦስት ሳምንት በኋላ ኢድሪስ ደመወዝ ሊቀበል አሶሳ መጥቶ ቢሮ ጎራ አለ። ከበሩ ሳይገባ «በጉ ታረደ» አለኝ። የሀዋ ልጅ ወንድ ነው፤ ስሙ ጁማ ተባለ። ግቢ ወጥቼ ማንጎው ሥር ትንሽ አለቀስኩ። አቶ ገረመው አይተውኛል፤ ያላዩ መስለው አለፉ።

ከዓመታት በኋላ ተቆጣጣሪ ሆኜ አዲስ አበባ ለሥልጠና ተላክሁ። ከብዙ የአፍሪካ አገሮች የመጡ የሙያ ባልደረቦች ነበሩ። አዳራሹ ግድግዳ ላይ የአህጉሩ ሕዝብ በዕድሜ ተደርድሮ የሚታይበት ትልቅ ሥዕል ተለጥፏል። ወንዶች በግራ፣ ሴቶች በቀኝ፤ ሕፃናት ከታች፣ አዛውንት ከላይ። የጎጆ ክዳን ይመስላል፤ ታቹ ሰፊ፣ ጫፉ ሹል። አጠገቡ የአንድ ሌላ አህጉር ሥዕል ነበር። እሱ ሆዱ ያበጠ፣ ታቹ የጠበበ እንስራ ነው። አንዱ አህጉር ልጅ ነው፤ ሌላው እያረጀ ነው። ይህን በቃል ተምሬዋለሁ፤ እንደዚያ ቀን ግን በዓይኔ አይቼው አላውቅም። ሰው ሁሉ ለሻይ ሲወጣ እኔ ሥዕሉ ሥር ቀረሁ። የታችኛውን መስመር በጣቴ ተከተልኩት። ጁማ እዚያ ውስጥ ነበር።

አሠልጣኛችን ከምዕራብ አፍሪካ የመጣች ረጅም ሴት ነበረች። ከሻይ ስንመለስ ጠመኔ አንስታ «በየአገራችሁ ልጅ ስም የሚወጣለት በስንተኛው ቀን ነው?» ብላ ጠየቀች። መልስ ከየወንበሩ መጣ። በሦስተኛው፣ በሰባተኛው፣ በስምንተኛው፣ በአርባኛው። አንድ ሰውዬ «እኛ ዘንድ እምብርቱ ሲወድቅ ነው» አለ። አዳራሹ ሳቀ። እሷ ሁሉንም ሰሌዳው ላይ ጻፈችና ወደ ግድግዳው ዞራ የታችኛውን መስመር ነካች። «እንግዲህ ከዚህ መስመር የጎደለው በመወለድና በእነዚህ ቀኖች መካከል የወደቀው ነው» አለች።

እጄን አንስቼ የሀዋን ነገር፣ ስሟን ሳልጠራ፣ ተናገርኩ። ባልደረባዬ ተረጎመልኝ። ስጨርስ ከኋላ አንዲት ሴት በራሷ ቋንቋ አንድ ነገር ብላ ዓይኗን ጠረገች። ምን እንዳለች አልተረጎሙልኝም። ከውቅያኖስ እስከ ውቅያኖስ ያሉ እናቶች፣ አንዷ የሌላዋን ስም ሳትሰማ፣ አንድ ዓይነት ዝምታ ዝም ብለው ኖረዋል። እኔ የአንድ መንደር ሰዎች ልማድ ነው ብዬ ነበር። በመደነቅ ያን ሌሊት እንቅልፍ አልወሰደኝም።

ከዚያ ወዲህ ብዙ አየሁ። ሸርቆሌ ስደተኞች መጠለያ ውስጥ ቤተሰቡ በሦስት አገር የተከፈለበት አባት «የቤቱ አባላት ስንት ናቸው?» ስለው መልሶ «በየትኛው ቤት?» ብሎ ጠይቆኛል። መተከል ሰው ተፈናቅሎ ሸራ ውስጥ በሰፈረ ጊዜ ከግልገል በለስ ወዲያ ድረስ ለመመዝገብ ሄጃለሁ፤ ሸራ ስለማውቅ ከሌሎቹ ቆጣሪዎች ቀድሜ ወደ ውስጥ የምገባው እኔ ነበርኩ። እርሳስ ቀረና ታብሌት መጣ። ፍየል ታብሌት አትበላም፤ ባትሪው ግን ከፍየል ይከፋል።

በናሙና ጥናት የሀዋ መንደር ደጋግሞ ይወጣ ነበርና ቤቷን በየዘመኑ አየሁት። በመጨረሻ የሀዋ ልጆች ሰባት ሆኑ። አሚና አራት ወለደች፤ ሁሉም አሉ። የአሚና ልጅ ስዓዳ አሶሳ ጤና ኮሌጅ ገባች። ስንት ትወልጃለሽ እያሉ ሲቀልዱባት «ሁለት ይበቃኛል፤ እሱንም ትምህርቴን ስጨርስ» ትላለች። መንደሩ አጠገብ ጤና ኬላ ተሠርቷል፤ በእኛ ቁጥር ምክንያት ነው ብዬ ግን አልምልም፤ የተቆጠረ ሁሉ አይሠራለትም።

እዚያ ግድግዳ ላይ ያየሁት የጎጆ ክዳን በየጊዜው ሲታደስ ከታች ቀስ በቀስ ቀጥ ማለት ጀምሯል፤ በአንዳንዱ አገር ፈጥኖ፣ በአንዳንዱ ገና። እያንዳንዷ ሴት የምትወልደው ቀነሰ፤ የሚወልዱት ሴቶች ግን በዙ። ስለዚህ ሰዉ መብዛቱን አላቆመም። ይህን ለአዲስ ሠልጣኞች ሳስረዳ መጀመሪያ አይገባቸውም። የሀዋን ግቢ ስነግራቸው ይገባቸዋል፤ አንዲት ሴት የነበረችበት ደጃፍ ላይ አሁን የሴት ልጆቿ ልጆች ተሰልፈው ተቀምጠዋል። የአንድ አህጉር መለወጥ በአንድ የቀርከሃ አጥር ውስጥ ሲያልፍ አይቻለሁ፤ እስካሁንም ይገርመኛል።

የመጨረሻው የመስክ ሥራዬ ከጡረታዬ በፊት በነበረው በጋ ነው። ስዓዳ በጊዜያዊ ቆጣሪነት ተቀጥራ በእኔ ሥር ትሠራ ነበር። የአያቷ ቤት ለናሙና ወጣ። የራሷን ቤተሰብ መጠየቅ ስለማትችል ታብሌቱን ተቀብዬ እኔ ሄድኩ።

ሀዋ አርጅታለች። አሁን መንደሩ ሁሉ ሐቦባ ይላታል፤ አያት ማለታቸው ነው። ማንጎ ሥር አልጋ ላይ ተቀምጣ ነበር። ስሟን፣ ዕድሜዋን መዘገብኩ። ታብሌቱ ስለ ወሊድ የሚለውን ክፍል ዘሎ ወደ ሚቀጥለው ሰው ሄደ።

«ስለ ልጅ አትጠይቅም?» አለችኝ።

«ከአርባ ዘጠኝ ዓመት በላይ ለሆነች ሴት አይጠይቅም፣ ሐቦባ። መሣሪያው ነው።»

«መሣሪያ ይተው። አንተ ስማ። ያን ጊዜ የጻፍከው ነገር ልክ አይደለም።»

ደነገጥኩ። አራተኛ የሞተ ልጅ ቀርቶ ይሆን ብዬ አሰብኩ።

«ሦስት ናቸው፤ እሱ ልክ ነው» አለች። «ሕፃን፣ ሕፃን፣ ሕፃን ብለህ ጻፍክ። ኢድሪስ ነገረኝ። ስም አላቸው። ሼህ አላወጣም። እኔ አውጥቷል።»

ታብሌቱን ዘጋሁና ከቦርሳዬ ደብተር አወጣሁ። እሷም ቆጠረችልኝ፤ የአንድ ሌሊቱ በሽር፣ የሦስት ቀኗ ኑራ፣ የስድስት ቀኑ ኸሚስ። እያንዳንዱን ስም ስጽፍ ጠብቃኝ ወደሚቀጥለው ሄደች። ከዚያ ጥጥ ነጠላዋን አስተካክላ «አሁን ንገር» አለችኝ። ስዓዳ ከአጥሩ ውጭ ቆማ ሰምታለች። አያቷ ሦስት ልጆች እንደቀበረች እስከዚያ ቀን አታውቅም ነበር።

በዚያው ሳምንት እናቴ ዘንድ ሄድኩ። ዓይኗ ደክሟል፤ ጆሮዋ ግን ደህና ነው። አጠገቧ ተቀምጬ ምስር ስለቅም ቆየሁና ጠየቅኳት።

«እማዬ፣ ያቺን በሸራው ውስጥ የሞተችውን ማን ብለሻት ነበር?»

«የሺ» አለች ወዲያው። ሠላሳ ዓመት ሥራዬ መጠየቅ ሆኖ ይህን ሳልጠይቃት ኖሬያለሁ።

አሁን ስንት ናችሁ ሲሉኝ ስድስት ነን እላለሁ።

ለአዲስ ቆጣሪዎች የምለው አንድ ነገር ነው። በምትሠራበት አገር ልጅ በስንተኛው ቀን ስም እንደሚወጣለት አስቀድመህ ጠይቅ። መጠይቁን የምትከፍተው ከዚያ በኋላ ነው።